ከመቀመጣችሁ በፊት ወረቀቱን፦ በሜክሲኮ ፊልም ውስጥ ኤዲተር ሆኜ ያየሁት

ሜክሲኮ ሲቲ ውስጥ የፊልም ኤዲተር ሆኖ እንጀራ መብላት ይቻላል ወይ እያሉ የሚጠይቁኝ ልጆች አሉ። ገሚሶቹ አዲስ አበባ ናቸው። ገሚሶቹ አሜሪካ ሆነው ወደ ደቡብ የሚያማትሩ። መልሴ አጭር ነው። ይቻላል። ሥራ ሞልቷል። በ2019 ብቻ አገሪቱ 216 ፊልም ሠርታለች (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ፈተናው ያለው ሌላ ቦታ ነው። የሠራችሁበትን ብር መቀበል፣ ስማችሁንም ክሬዲት ላይ ማስቀረት ላይ። እኔ ይህን እስክማር ብዙ ተንከራትቻለሁ፤ መሃል ላይ ሙያውን እርግፍ አድርጌ ልተወው ምንም አልቀረኝም ነበር። እናንተ ያን ያህል እንዳትንገላቱ ያየሁትን ልንገራችሁ።

ወደ ሜክሲኮ የሄድኩት በትዳር ነው። ከዚያ በፊት አዲስ አበባ የሰርግ ቪዲዮና ማስታወቂያ ኤዲት አደርግ ነበር፤ ጥቂት የአማርኛ ፊልሞች ላይም ሠርቻለሁ። ስፓኒሽ አንድ ቃል አልችልም። የመጀመሪያ ቤታችን ናርባርቴ የሚባል ሰፈር ነበር። የሜትሮ ጣቢያችን ስም ደግሞ «ኢትዮጵያ»። ቀልድ አይደለም። ጣሊያን በ1936 ኢትዮጵያን ያዝኩ ስትል እውቅና አንሰጥም ካሉት ጥቂት አገሮች አንዷ ሜክሲኮ ናት። እኛ ሜክሲኮ አደባባይ አለን፣ እነሱም ኢትዮጵያ አደባባይ አላቸው። የጣቢያው ምልክት የአንበሳ ራስ ነው። ሥራ ፍለጋ ስወጣና ስገባ በአንበሳው ሥር አልፋለሁ። ደስ ይላል፤ ግን ሥራ አያስቀጥርም።

የሜክሲኮ ፊልም መንደር ከውጭ ሲያዩት ሰፊ ነው፤ ውስጡ ሲገቡ ግን ሁሉም ይተዋወቃል። ድሮ መግቢያው የሠራተኛ ማኅበር ነበር። በ1945 ኮሜዲያኑ ካንቲንፍላስ፣ ዘፋኙ ሆርሄ ኔግሬቴና ካሜራማኑ ጋብሪኤል ፊገሮአ ከነባሩ ማኅበር ተገንጥለው አዲስ አቋቋሙ። ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ አባል ያልሆነ ሰው በትልልቆቹ ስቱዲዮዎች በር ማለፍ ከባድ ነበር። ዛሬ መግቢያው ትምህርት ቤት ነው። ሁለት ትልልቆች አሉ። አንደኛው በ1963 የተከፈተው የብሔራዊው ዩኒቨርሲቲ የሲኒማ ትምህርት ቤት ነው። ሁለተኛው በ1975 የተቋቋመውና በቹሩቡስኮ ስቱዲዮዎች አጠገብ ያለው ማዕከል፣ ሰዉ «ሴ ሴ ሴ» የሚለው። አብረው የተማሩ አብረው ይሠራሉ። እኔ ደግሞ የማንም የክፍል ጓደኛ አልነበርኩም።

ስለዚህ የክፍል ጓደኞቹ ያሉበት ሄድኩ። ሄኔራል አናያ ሜትሮ ወርጄ በካልሳዳ ዴ ትላልፓን በኩል ወደ ሴ ሴ ሴ ግቢ እመላለስ ጀመር። የመመረቂያ ፊልም የሚሠሩ ተማሪዎችን «ፊልምህን ኤዲት ላድርግልህ» አላልኩም። ይህን ሲሰማ የማይደነግጥ ጀማሪ ዳይሬክተር የለም። «ቀረጻህን ላደራጅልህ፣ ድምፁን ከምስሉ ላግጥምልህ» አልኩ። ይህን እምቢ የሚል የለም፤ ማንም የማይወደው ሥራ ነዋ! በነፃ ነው የሠራሁት። ግን አደራ፣ በነፃ የሚሠራው ለተማሪ ብቻ ነው። ድርጅት «ለልምድ ይሆንሃል» ካላችሁ አመስግናችሁ ውጡ።

ስፓኒሽም የተማርኩት በዚያው ነው። አንዱን ዓረፍተ ነገር በአሥር ቴክ፣ በአሥር ዓይነት ስሜት ስትሰሙት ሳትፈልጉ ይገባችኋል። ጣጣው፣ የተማሪዎቹ ፊልሞች በአብዛኛው የወንበዴ ነበሩ። የእኔም ስፓኒሽ የወንበዴ ሆነ። አማቴ ፊት በቅንነት ያወጣሁት አንድ ቃል አለ፤ እስከ ዛሬ በቤተሰቡ ግብዣ ላይ ይነሳል።

ከተማሪዎቹ አንዷ ተመርቃ ዶክመንታሪ ላይ ሥራ ስትይዝ እኔን ረዳት ኤዲተር አድርጋ አስቀጠረችኝ። እውነተኛው ትምህርቴ የተጀመረው እዚያ ነው። ረዳትነት በእኛ አገር እንደ ተላላኪነት ይታያል። ሜክሲኮ ውስጥ ግን የፊልሙ ሁሉ ነገር በረዳቱ እጅ ነው። የትኛው ቀረጻ የት እንዳለ፣ የትኛው እንደጎደለ፣ ድምፁ ከየት እንደመጣ የሚያውቀው እሱ ነው። ጥሩ ረዳት ሲገኝ ስሙ በአንድ ሳምንት ይዞራል። መጥፎው ደግሞ በአንድ ቀን።

የእኔ ስም የዞረው በአንድ ችግር ምክንያት ነው። ዶክመንታሪው በሁለት ካሜራ ተቀርጿል። ክላኬታው (በየቀረጻው መጀመሪያ የሚጨበጨበው ሰሌዳ) ሲዘጋ ምስልና ድምፅ ልክክ ይላሉ። አሥር ደቂቃ ወደፊት ሂዱ። በአንደኛው ካሜራ ሁሉም ነገር ደህና ነው። በሁለተኛው ግን የሰውዬው አፍ ተዘግቶ ድምፁ ይቀጥላል። ሁሉም የድምፅ ባለሙያውን ይራገማል። እኔ የሁለቱን ካሜራዎች የፋይል መረጃ ከፍቼ ጎን ለጎን አየሁ። አንዱ በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ይላል፣ ሌላው 23.976። ልዩነቱ ከሺህ አንድ ነው፤ በዓይን አይታይም። በአሥር ደቂቃ ግን ከግማሽ ሰከንድ ያልፋል፣ ወደ 14 ፍሬም ገደማ። የድምፅ ባለሙያው ንጹሕ ነበር። ኤዲተሯ ወንበሯን ወደ እኔ አዙራ «ነገ ጠዋት ቀደም ብለህ ና» አለችኝ። ከዚያ ቀን በኋላ አጠገቧ አስቀመጠችኝ።

ስለዚህ ረዳት ሆናችሁ ስትገቡ፣ ቀረጻው ከመጀመሩ በፊት ለካሜራና ለድምፅ ክፍሉ በጽሑፍ ጠይቁ። በስንት ፍሬም ነው የምትቀርጹት? ሁሉም ካሜራዎች አንድ ናቸው? ድምፁ 48 ኪሎኸርዝ ነው? ፋይሎቹን የሚሰይመው ማነው? ሙከራ ቀረጻ ላኩልኝ በሉ። ያንን አንድ ደቂቃ ሙከራ ከመጀመሪያው እስከ ከለር (ቀለም ማስተካከያ) እና ሳውንድ (ድምፅ ማጠናቀቂያ) ድረስ አሻግሩት። መንገድ ላይ የሚሰበር ነገር ካለ ያኔ ይሰበር።

ያቺ ኤዲተር አሁን በዕድሜ ገፍታለች። ሁሉም «ማኤስትራ» ይላታል፣ እኔም እንደዚያ ነው የምላት። ሙያውን የጀመረችው ፊልም በመቀስና በማጣበቂያ በሚሠራበት ዘመን ነው። ስለ ግሎሪያ ሾማን ያወራችኝ እሷ ናት። ሾማን በሜክሲኮ ወርቃማ ዘመን የኤሚሊዮ ፈርናንዴዝን ታላላቅ ፊልሞች የቆረጠች ሴት ናት፤ በሕይወቷ ከ200 በላይ ፊልም ኤዲት አድርጋለች። የሉዊስ ቡኙኤልን የሜክሲኮ ፊልሞች ብዙዎቹን የሠራው ካርሎስ ሳቫጅም አለ። ሁለቱንም ከፊልም አዋቂዎች በቀር ብዙ ሰው አያውቃቸውም። ማኤስትራ ይህን የምትነግረኝ ለጨዋታ አልነበረም። «ሥራህ እንዲታይ ከፈለግክ ካሜራ ያዝ። እዚህ ከተቀመጥክ ግን ስምህን ራስህ ጠብቅ» ትለኝ ነበር። ያኔ አልገባኝም።

ከእሷ የወረስኩት ሌላም ልማድ አለ። ጥሬ ቀረጻውን መጀመሪያ ሲያዩ ማቆም የለም፣ መቁረጥም የለም። ደብተር ይዞ ማየት ብቻ። ዓይናችሁ የቀረበትን ቦታ፣ የሳቃችሁበትን፣ የሰለቻችሁበትን ጻፉ። ሁለተኛ ስታዩት የመጀመሪያውን ስሜት አታገኙትም። ከወራት በኋላ ትዕይንቱ ሲያደርቃችሁ የሚያድናችሁ ያ ደብተር ነው።

ከዚያ ዋናው ጣጣ መጣ። በ2017 አንድ ጀማሪ ዳይሬክተር ሙሉ የልብ ወለድ ፊልም ሰጠኝ። የመጀመሪያ ትልቅ ፊልሜ ነበር፣ በረዳትነት ሳይሆን በዋና ኤዲተርነት። ፕሮዲውሰሩ ሳቂታ ሰው ነው። ዋጋው ለጠቅላላው ሥራ፣ በሦስት ክፍያ፦ አንዱ ስንጀምር፣ አንዱ የመጀመሪያው ቅንብር ሲደርስ፣ ትልቁ ደግሞ ፊልሙ «ሲያልቅ»። ይህ ሁሉ ቡና ቤት ተቀምጠን በቃል። እኔም በጨዋ ደንብ እሺ አልኩ። በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል እየተባለ ያደገ ሰው!

ፊልም መቼ ነው የሚያልቀው? ይህን ጥያቄ በደንብ አስቡበት። ዳይሬክተሩ ለሞሬሊያ ፌስቲቫል አንድ ቅንብር ይፈልጋል። ሞሬሊያ አልተቀበለውም እንበል፣ ለበርሊን ሌላ ይፈልጋል። በርሊንም እምቢ ካለ ለጓዳላሃራ እንደገና ይበተናል። ሁሉም ቅንብር «የመጨረሻው» ነው። ክፍያዬ የታሰረው ከመጨረሻው ጋር፣ መጨረሻው ያለው ደግሞ መጨረስ በማይፈልግ ሰው እጅ። ዳይሬክተሩ ክፉ ሰው አልነበረም። የመጀመሪያ ፊልሙ ነው፣ ፈርቷል። የእሱ ፍርሃት ግን በእኔ የቤት ኪራይ ነበር የሚከፈለው።

በዚህ መሃል ሴፕቴምበር 19 መጣ። ያ ቀን የ1985ቱ ታላቅ የመሬት መንቀጥቀጥ መታሰቢያ ነው። ረፋድ 5 ሰዓት ላይ እንደየዓመቱ ለልምምድ ከሕንፃው ወጥተን፣ እየተሳሳቅን ተመለስን። ከቀኑ 7 ሰዓት ከ14 ደቂቃ ላይ እውነተኛው መጣ። መጠኑ 7.1 ነው፤ መነሻው ቅርብ ስለነበር ማስጠንቀቂያው የጮኸው ወለሉ መወዛወዝ ከጀመረ በኋላ ነው። ደረጃውን እንዴት እንደወረድኩት አላስታውስም። በከተማዋ ብቻ 228 ሰው ሞተ። የኤዲቲንግ ክፍላችን የነበረበት ሕንፃ አልወደቀም፣ ግን ምሰሶው ተሰንጥቆ ስለነበር መሐንዲስ ሳያየው ማንም እንዳይገባ ታሸገ። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ስለ ፊልም ያሰበ አልነበረም። የሰፈሩ ሰው ሁሉ ሰንሰለት ሠርቶ ፍርስራሽ በባልዲ ሲያቀባብል፣ ውሃና ምግብ ሲያመላልስ ነበር።

ከሳምንት በኋላ ፕሮዲውሰሩ ደወለ። «ኮፒው የት ነው?» ኮፒማ ነበር። ዋናውና ኮፒው ሁለቱም በታሸገው ሕንፃ፣ በአንድ ቁም ሣጥን ውስጥ፣ አንዱ በአንዱ ላይ ተቀምጠው። ሃርድ ዲስኮቹ በመጨረሻ በሰላም ወጡ። እስኪወጡ ድረስ ያሳለፍነውን ግን ለጠላቴም አልመኝም። የዚያን ያህል ሰው፣ የዚያን ያህል ወር ሥራ በአንድ የተሰነጠቀ ምሰሶ ላይ ተንጠልጥሎ ነበር።

ሦስት ኮፒ ይኑራችሁ። ሦስተኛው ሌላ ሰፈር ይደር። ሜክሲኮ ሲቲ ከሆናችሁ ደግሞ ሰፈሩን ምረጡ፦ ሮማ፣ ኮንዴሳ፣ ናርባርቴ የቆሙት በደረቀ ሐይቅ ጭቃ ላይ ነው፤ መሬት ሲንቀጠቀጥ እንደ ገንፎ ይናጣሉ። ደቡቡ፣ ፔድሬጋል አካባቢ፣ የእሳተ ገሞራ ዓለት ነው። የእኔ ሦስተኛ ኮፒ ዛሬ እዚያ አንድ ዘመድ ቤት አልጋ ሥር ነው። የፕሮጀክት ፋይሉ ደግሞ ትንሽ ነው፤ በየቀኑ ማታ ለራሳችሁ ኢሜይል አድርጉት። ቀረጻው ቢተርፍና የፕሮጀክት ፋይሉ ቢጠፋ የወራት ሥራችሁ አብሮ ሄደ ማለት ነው።

በ2018 መጀመሪያ የፊልሙ ገንዘብ አለቀ። ይህ የተለመደ ነው። ብዙው የሜክሲኮ ፊልም የሚሠራው በመንግሥት የሲኒማ ተቋም በኢምሲኔ ድጋፍ፣ ወይም ድርጅቶች ከሚከፍሉት ግብር ላይ ለፊልም በሚያውሉት ገንዘብ ነው። ገንዘቡ ሲመጣ ቀረጻው ይበላዋል። ኤዲቲንጉ የሚደርሰው ድስቱ ሲታጠብ ነው። ፕሮዲውሰሩ «ትንሽ እንረፍ» አለና ስልኩን ማንሳት ተወ። ወራት አለፉ። ቀኝ እጄ አንጓው ላይ ማበጥ ጀመረ፣ ሌሊት እንቅልፍ የለም። ባለቤቴ ሁለታችንንም ታስተዳድራለች። እናቴ ከአዲስ አበባ ስትደውል «ፊልሙ ደረሰ ወይ ልጄ?» ትላለች። «እየደረሰ ነው እማዬ» እላለሁ።

አንድ ቀን የከለር ባለሙያ የሆነ ወዳጄ «እንኳን ደስ አለህ፣ ፊልምህ ለከለር መጣልኝ» አለኝ። ሌላ ኤዲተር እንደጨረሰው ያወቅኩት ያኔ ነው። ክሬዲቱ ላይ ስሜ የለም።

ጠበቃ ዘንድ ሄድኩ። የነገረኝ ነገር ክው አደረገኝ። የሜክሲኮ የቅጂ መብት ሕግ አንቀጽ 97 የአንድ ፊልም ደራሲዎች እነማን እንደሆኑ ይዘረዝራል። ዳይሬክተሩ። የታሪኩ፣ የስክሪፕቱና የንግግሩ ጸሐፊዎች። የሙዚቃው ደራሲዎች። የካሜራ ባለሙያው። የአኒሜሽን ሠዓሊዎች። በቃ። ኤዲተር የለም። ጠበቃው «ወንድሜ፣ ሕጉ አያውቅህም። የሚያውቅህ ውልህ ብቻ ነው። ውልህን አሳየኝ» አለኝ። ምን ላሳየው?

ያተረፈኝ ከማኤስትራ የለመድኩት ነገር ነው። ዓርብ ዓርብ የሳምንቱን ቅንብር አውጥቼ፣ ቀኑን ምስሉ ላይ ጽፌ፣ ሊንኩን ለዳይሬክተሩና ለፕሮዲውሰሩ በኢሜይል እልክ ነበር። እነሱም ይመልሱ ነበር፤ «ግሩም ነው»፣ «የሠርጉን ትዕይንት አሳጥረው» እያሉ። ያ ሁሉ ተቀምጧል። የእኔን የመጨረሻ ቅንብርና የተጠናቀቀውን ፊልም ጎን ለጎን ስናደርጋቸው የትዕይንቶቹ ቅደም ተከተል በአብዛኛው የእኔው ነው። ማኤስትራ አስታራቂ ሆነች። እንደ እኛ አገር ሽማግሌ ሁላችንንም ቤቷ ጠርታ፣ ሾርባ አብልታ፣ ኮምፒውተሩን ከፈተችው። እኔን የተካው ኤዲተር ጨዋ ልጅ ነበር፤ ከእኔ በፊት «ሁለታችንም እንጻፍ» ያለው እሱ ነው። ክሬዲቱን ተካፈልን። ከቀረኝ ገንዘብ ጥቂቱን አገኘሁ። የቀረውን ውሃ በላው።

ከዚያ ወዲህ ውል ሳይፈረም ሃርድ ዲስክ አልነካም። እናንተም አትንኩ። ክፍያው በሳምንት ይሁን፤ ለስንት ሳምንት እንደሆነ ይጻፍ። ከዚያ በላይ ሲሄድ እያንዳንዱ ተጨማሪ ሳምንት ስንት እንደሚከፈል ይጻፍ። በጠቅላላ ዋጋ ካልሆነ እምቢ ካሉ፣ ክፍያዎቹን ከቀን ጋር እሰሩ እንጂ «ሲያልቅ» ከሚል ቃል ጋር አትሰሩ። ስማችሁ በምን ቃል፣ መግቢያው ላይ ወይስ መጨረሻው ላይ እንደሚወጣ ይጻፍ። በሌላ ሰው ብትተኩ ምን እንደሚሆን ደግሞ ከሁሉ በፊት። ብዙ ሰው ይህን ማንሳት ያፍራል፤ ሟርት ይመስለዋል። ፕሮዲውሰር ግን አይደነግጥበትም። የሚደነግጥ ከሆነ ደግሞ የሚደነግጥበት ምክንያት አለው።

የግብሩም ነገር መነሳት አለበት፣ ያለሱ ሳንቲም አይገኝምና። ሜክሲኮ ውስጥ የግብር ቁጥር ከሌላችሁና የኤሌክትሮኒክ ደረሰኝ ካልቆረጣችሁ ማንም አይከፍላችሁም። በትዳር የመጣ ሰው ጊዜያዊ የመኖሪያ ካርድ ስላለው ብቻ መሥራት ይችላል ማለት አይደለም፤ የሥራ ፈቃዱን ከኢሚግሬሽን ለይቶ መጠየቅ አለበት። አሁን በባለሙያ ክፍያ ደንብ 10 ሺህ ፔሶ ተስማማችሁ እንበል። 16 በመቶ ቫት ይጨመራል፣ 1,600። ከፋዩ ድርጅት 10 በመቶ የገቢ ግብር ይቀንሳል፣ 1,000። ከቫቱም ሁለት ሦስተኛውን ራሱ ያስቀራል። እጃችሁ የሚገባው 9,533 ፔሶ ከ33 ሳንቲም ነው። ከዚያም ውስጥ 533ቱ የእናንተ አይደለም፣ ለመንግሥት የሚገባ ቫት ነው። ብዙ ጀማሪ ይህን በልቶት በወሩ ይጮኻል። ከ2022 ወዲህ ለአነስተኛ ገቢ የተቀለለ ሌላ ደንብ አለ፤ ለአብዛኛው ኤዲተር እሱ ይሻላል፣ ሒሳብ አዋቂ ጠይቁ።

አንድ ወጥመድ ደግሞ አለ። ደረሰኙ ሁለት ዓይነት ነው። «ፔ ኡ ኤ» የሚባለው ክፍያው በአንድ ጊዜ እንደተጠናቀቀ ይቆጠራል፤ «ፔ ፔ ዴ» የሚባለው ገና እንደሚከፈል። ድርጅቶች «ቶሎ እንድንከፍልህ ደረሰኝ ላክ» ይሉና ሦስት ወር ያስጠብቃሉ። በመጀመሪያው ዓይነት ከቆረጣችሁ፣ ያላያችሁት ገንዘብ ገቢ ሆኖ ይመዘገብባችኋል። ብሩ አካውንታችሁ ካልገባ ሁለተኛውን ብቻ ቁረጡ።

ወደ ሙያው የመለሰኝ ግን ገንዘብ አይደለም። በ2019 ከደቡብ ሜክሲኮ፣ ከቺያፓስ ተራሮች የመጣ ዶክመንታሪ ነው። ሰዎቹ የሚናገሩት ጾጺል ነው፣ የማያ ቋንቋ። ሜክሲኮ 68 የነባር ሕዝቦች ቋንቋ እውቅና ሰጥታለች፤ ኤዲተር ሆናችሁ ከቆያችሁ ከአንዱ ጋር መገናኘታችሁ አይቀርም። ዳይሬክተሯ ከእኔ በፊት አንድ ኤዲተር ሞክራ ነበር፤ ሁሉም አንድ ዓይነት ጫጫታ ሆነበት። እኔ ስሰማው ግን ደነገጥኩ። ጸ አለ። ቀ አለ። ጠም፣ ጨም፣ ጰም አሉ። ሰዎቹ ራሳቸው ቋንቋቸውን «ባጺ ቆፕ» ይሉታል። ሜክሲኳዊ ጓደኞቼ «ባትሲ ኮፕ» ሲሉ እኔ እንደ እናቴ ቋንቋ አፌ ላይ ልክ አለ። ትርጉሙን አላውቅም፣ ቃሉ የት እንደሚጀምር ግን ይሰማኛል።

አንድ ትዕይንት አለ። በወገቧ በታሰረ መሸመኛ የምትሸምን ሴት፣ እጇ ሳያቆም ስለ ሙያው ታወራለች። በስፓኒሽ ሰብታይትሉ መሠረት ቆረጥኩት፣ አማረ። አስተርጓሚው አይቶ ራሱን ነቀነቀ። «ማን እንዳስተማራት ሳትናገር አቋረጥካት» አለኝ። በጾጺል ግሱ መጀመሪያ ይመጣል፣ አድራጊው መጨረሻ። «አስተማረችኝ ሽመና እናቴ» እንደ ማለት። ስፓኒሹ አድራጊውን ቀድሞ ስለተናገረ እኔ ያለቀ መስሎኝ እናትየዋን ቆርጬ ጥያታለሁ። ተመልሼ ጥቂት ፍሬም ጨመርኩ። በእነዚያ ፍሬሞች ውስጥ ሴትየዋ የእናቷን ስም ትጠራና ክሩን ጠበቅ ታደርገዋለች። ትዕይንቱ ያለው እዚያ ነበር።

በማታውቁት ቋንቋ ስትሠሩ ሰብታይትሉን አጥፍታችሁ ትንፋሹን ስሙ። ከዚያ አስተርጓሚውን አጠገባችሁ አስቀምጡ፣ በኢሜይል ሳይሆን በአካል። የእሱም ክፍያ በጀት ውስጥ እንዲገባ ከመጀመሪያው ተናገሩ። በመጨረሻ ሲታሰብ «በጎ ፈቃደኛ እንፈልግ» ይባላል። ነውር ነው።

2020 ለሁሉም መጥፎ ነበር፣ ብዙ አልልም። ቀረጻ ቆመ፤ በዚያው ዓመት መንግሥት ነባሮቹን የፊልም ፈንዶች ዘጋ፣ በ2021 ፎሲኔ በሚባል ፕሮግራም ተተኩ። ኤዲተሮች ግን ከሌላው ተሻልን፤ ያለቀ ቀረጻ ያለው ሁሉ ቤቱ ሆኖ ማስቀናበር ፈለገ። የስትሪሚንግ ሥራም ያኔ በረታ። ኔትፍሊክስ የመጀመሪያውን የስፓኒሽ ተከታታይ የሠራው በ2015 ሜክሲኮ ውስጥ ነው። ከዚያ ወዲህ ተከታታይ ድራማ የብዙ ኤዲተር የወር አስቤዛ ሆኗል። ክፍያው በጊዜ ይመጣል፣ ወረቀቱ የተሟላ ነው። ዳይሬክተሩ ግን የተከታታዩ ባለቤት አይደለም፣ እናንተም አይደላችሁም። እኔ ዓመቱን ለሁለት እከፍለዋለሁ፤ ግማሹ ተከታታይ፣ ግማሹ ዶክመንታሪ። አንዱ ያበላኛል።

ሙያው ለውጭ ሰው ዝግ ነው የሚላችሁን አትስሙ። ናታሊያ ሎፔዝ ጋያርዶ ቦሊቪያዊት ናት። በዓለም የታወቁ የሜክሲኮ ፊልሞችን ኤዲት አድርጋ፣ በ2022 ራሷ ዳይሬክት ባደረገችው ፊልም ከበርሊን የዳኞች ሽልማት ወስዳለች። ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ2021፣ ይብራን አሱአድ በዚያው በርሊን ለኤዲቲንጉ የብር ድብ ተሸልሟል። ኤዲተር እንደዚያ ብቻውን ሲሸለም ማየት ብርቅ ነው፤ ማኤስትራ በዚያ ቀን ስልክ ደውላ ስትስቅ ነበር።

ልትጀምሩ ካሰባችሁ መጀመሪያ አቪድ የሚባለውን የኤዲቲንግ ሶፍትዌር እወቁ። ፕሪሚየርና ዳቪንቺ ሪዞልቭ ብዙ ቦታ አሉ፣ ትልልቅ ተከታታዮች ላይ ግን የረዳት ሥራ የሚጠየቀው አቪድ ነው። ከዚያ ለሳውንድና ለከለር ማስረከብን ተለማመዱ። ለሳውንድ የሚሄደው የ«ኤ ኤ ኤፍ» ፋይል ከነሙሉ የድምፅ ትርፉ (ከቁርጡ ወዲህና ወዲያ የቀረው ድምፅ)፣ ለከለር የቅንብሩ ዝርዝር የሚጻፍበት «ኢ ዲ ኤል» ወይም «ኤክስ ኤም ኤል»፣ ከሁለቱም ጋር ታይምኮድ (የየፍሬሙ የሰዓት ቁጥር) የተጻፈበት ማመሳከሪያ ቪዲዮ። ፊልሙ ከመጀመሩ ሁለት ሰከንድ ቀድሞ አንዲት የ«ፒፕ» ድምፅ ትኑር፤ ሳውንድ ክፍሉ እሷን ካላገኘ ስልካችሁ ይጮኻል።

ስትጽፉም ለዳይሬክተር አትጻፉ፣ ለፖስት ፕሮዳክሽን (ከቀረጻ በኋላ ላለው ሥራ) ኃላፊው ነው። ሰኞ ጠዋት የምትልኩት ሰኞ ማታ ይቀበራል፤ ማክሰኞ ይሻላል። አራት መስመር በስፓኒሽ ይበቃል፦ በምን ሶፍትዌር እንደምትሠሩ፣ ድምፅ ማግጠምና ማስረከብ እንደምትችሉ፣ ደረሰኝ እንደምትቆርጡ፣ ከመቼ ጀምሮ ነፃ እንደሆናችሁ። የደረሰኙን መስመር አትርሱ። እኔ ዛሬ ረዳት ስፈልግ መጀመሪያ የማየው እሷን ነው።